በሚስኪ ሱቅ ፊት ይዞራል

ሚስኪ ባሕሩን የተሻገረችው በአሥራ ስድስት ዓመቷ ነው። ከወሎ ተነሥታ ግማሹን መንገድ በመኪና፣ ግማሹን በእግሯ ተጉዛ፣ እግር ማጠፊያ እንኳ በሌላት ጀልባ ተጭና የየመንን አሸዋ ስትረግጥ የተቀበሏት ደላሎች ነበሩ። ደላሎቹ ከጀልባዋ የወረደውን ሰው ሁሉ በግንብ የታጠረ ግቢ ውስጥ አጎሩት። ከዚያም አንድ በአንድ እያስነሡ የሚጠይቁት ነገር አንድ ብቻ ነበር፤ የዘመድህን ስልክ ቁጥር አምጣ። ቁጥሩን የሰጠ ሰው ዘመዱ ተደውሎለት ዱላውንና ጩኸቱን በስልክ እንዲሰማ ይደረጋል። ዘመድየውም ያለውን ሸጦ ይልካል።

ሚስኪ ጅዳ ውስጥ በቀን ሥራ የሚኖር ሙሐመድሲራጅ የሚባል ወንድም ነበራት። ቁጥሩን ገና ከአገሯ ሳትወጣ በቃሏ ይዛው ነበር። ቢሆንም "ማንም የለኝም" አለች። መቷት፤ ማንም የለኝም። አስራቧት፤ ማንም የለኝም። ውሃ ከልክለዋት ከንፈሯ ሲሰነጠቅ መናገሩን ትታ ራሷን ብቻ ትነቀንቅ ጀመር። በመጨረሻ ትኩሳት ጣላት። እዚህ እንዳትሞትብን ብለው ከበር ውጭ አውጥተው ወረወሯት። የአንድ ዓሣ አጥማጅ ሚስት አገኘቻትና ቤቷ ወስዳ አስታመመቻት። ወንድሟ ይህን ሁሉ የሰማው ከብዙ ዓመት በኋላ ነው። ተቆጣት፤ ተበድሬም ቢሆን እልክላቸው ነበር፣ ለምን አልሰጠሽም አላት። "አልሰጥማ" አለችው። ሌላ ምክንያት አልጨመረችም።

ዐደን ገብታ የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ያሳለፈችው ኾርመክሰር በሚባለው ሰፈር፣ በሐጃ ዙሀራ ቤት ሠራተኛ ሆና ነው። ሐጃ ዙሀራ ባላቸው የሞተባቸው፣ ልጆቻቸው በየአገሩ የተበተኑባቸው ባልቴት ነበሩ። ልጆቻቸውን በኮምፒውተር ማየት ሲያምራቸው መሣሪያውን የምታስነሣላቸው ሚስኪ ናት። ዐረብኛውንም እንግሊዝኛውንም ፊደል ከዚያው ከቁልፎቹ ላይ እየለቀመች ተማረች። የይለፍ ቃላቸውን ግን ሐጃ ዙሀራ በገዛ ጣታቸው ነበር የሚጽፉት። ከመጻፋቸው በፊትም "ፊትሽን አዙሪ፣ ያ ቢንቲ፣ ልጄ" ይሏታል። ሚስኪ በመጀመሪያ ቅር አላት። የወርቅ ሣጥናቸውን የምትቆልፍና የምትከፍት እሷ አይደለችም እንዴ? ባልቴቲቱ ፊቷን አይተው ገባቸው። አንቺን ጠርጥሬ አይደለም፣ ነገ አንድ ነገር ቢጠፋ አንቺን እንዳልጠረጥር ነው አሏት። ከዚያን ቀን ወዲህ ሳይነግሯት ትዞር ነበር።

ጦርነቱ ሲመጣ የሐጃ ዙሀራ ልጆች እናታቸውን ይዘው ከአገር ሲወጡ ኮምፒውተሩን ለሚስኪ ተዉላት። በዚያን ጊዜ ሙሂዲንን አግብታ ነበር። ሙሂዲን አባቱ የመናዊ፣ እናቱ የደሴ ሰው፣ በዐደን ሰፈሮች በክሬተርና በሼኽ ዑስማን መካከል ሚኒባስ የሚነዳ፣ ቀልድ የማያልቅበት ሰው ነው። ባልና ሚስት ተጋግዘው ክሬተር ውስጥ ዐም ዐሊ ከሚባሉ ሽማግሌ አንዲት ክፍል ተከራዩ። ያገለገሉ ኮምፒውተሮች ጨማመሩ፣ ጣሪያው ላይ ሶላር ሰቀሉ፣ በሩ ላይ የሚስኪን ስልክ ቁጥር በሰማያዊ ቀለም ጻፉ። መብራት ጠፍቶ ሰፈሩ በሙቀት ሲንቃቃ እሷ ዘንድ ማራገቢያ ይዞራል፤ ኢንተርኔትም አለ።

ጠዋት ወንዶች ይገቡባታል። ከሰዓት፣ ከዐስር ሶላት በኋላ ግን ወንዱ ሁሉ ጫቱን ይዞ ስለሚቀመጥ ሚስኪ የበሩን መጋረጃ ትጥላለች፤ ሰዓቱ የሴቶች ነው። ልጃገረዶች ለትምህርታቸው ወረቀት ሊያትሙ፣ ሊጻጻፉ፣ ሊጫወቱ ይመጣሉ። ሱቋ አንድ ደንብ አላት። የይለፍ ቃሏን ልትጽፍ ያለች ሴት "ፊት" ትላለች፤ በክፍሉ ያለው ሰው ሁሉ፣ ሚስኪም ጭምር፣ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞራል። ሙሂዲን ይህን መጀመሪያ ሲያይ "የመስገጃው ቂብላ በዚህ በኩል ሆነ እንዴ?" ብሎ ልጆቹን በሳቅ ፈጃቸው። እሱም ግን ዞረ።

ከሚመጡት አንዷ ሻይማ ነበረች። የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ናት፤ ከእናቷና ከወንድሟ ከፋይሰል ጋር እዚያው ክሬተር፣ ከሱቁ ጀርባ ትኖራለች። ጨዋታዋ በኢንተርኔት ነው። አራት አራት ሰው ይቧደንና ግንብ ይጠብቃል፤ ሌሎች መጥተው ሊያፈርሱት ይሞክራሉ። ሻይማ ከዓሣ ወደቡ በላይ ያለውን የሲራን ምሽግ አስባ አካውንቷን "የሲራ ጠባቂ" አለችው። ጓዶቿ አንዱ ሙከላ፣ አንዱ ሰንዓ፣ አንዱ የት እንዳለ የማይታወቅ ነው። ሴት መሆኗን አያውቁም። ትእዛዝ የምትሰጣቸው ግን እሷ ናት። በቤቷ ድምፅዋ የማይሰማ ልጅ እዚያ ወንበር ላይ ስትቀመጥ ጀርባዋ ቀጥ ይላል።

አካውንት ሲከፈት ስልክ ቁጥር ይጠየቃል፤ የይለፍ ቃል የረሳ ሰው በዚያ ስልክ ኮድ ይላክለታል። የልጃገረዶቹ ስልኮች ደግሞ በአባት ወይም በወንድም ስም የወጡ ናቸው፤ ከእጃቸው ሲነጠቁም ጠያቂ የለም። ስለዚህ ሻይማ፣ ኻላ ሚስኪ፣ አክስቴ፣ በአንቺ ቁጥር ልክፈተው ብላ ለመነቻት። ሚስኪ ምን ገዶኝ ብላ ፈቀደች። ሻይማን አይታ ሌላዋ ደንበኛ ፋጢ ጠየቀች፤ ፋጢን አይተው ሌሎቹ። ሚስኪ በዚህ ዓይነት የሰፈሩን ልጃገረዶች ሁሉ ቁልፍ በመቀነቷ እንደቋጠረች የገባት በኋላ ነው።

አንድ ቀን ረፋዱ ላይ፣ ሻይማ በሌለችበት፣ የ"ሲራ ጠባቂ" ኮድ ስልኳ ላይ ገባ። ትንሽ ቆይቶ ደገመ። ሚስኪ ነገሩ ሳይገባት አልቀረም። ብዙም ሳይቆይ ፋይሰል በሩ ላይ ቆመ። ጀበል ሐዲድ አጠገብ ካለ ኬላ ነው የሚሠራው፤ ክላሹ በትከሻው ላይ ነበር። አንድ ባልደረባው፣ እዚያው ሱቅ ከምትመጣ እህቱ ሰምቶ፣ ሻይማ በዚህ ስም እንደምትጫወት ነግሮታል። በስልኩ የአካውንቱን ስም ጽፎ የይለፍ ቃል ረስቻለሁ ሲል፣ ኮዱ የተላከበት ቁጥር መጨረሻው ታየው። በሰማያዊ ቀለም የተጻፈውን ቁጥር ደግሞ ክሬተር ውስጥ የማያውቅ የለም።

"ኻላ ሚስኪ፣ ስልክሽ ላይ ኮድ መጥቷል" አላት።

"መጥቷል።"

"ንገሪኝ።"

"የማን ነው?"

"የእህቴ ነዋ።"

"እንግዲያው እህትህ ትጠይቀኝ።"

"ወንድሟ ነኝ እኮ።"

"ወንድሟ መሆንህን መች ካድሁ? ሻይማ ነኝ ስትል ነው ያልሰማሁት።"

ፋይሰል ክፉ ልጅ አልነበረም። አባቱ ሲሞት ቤቱን ገና በልጅነቱ ነው የተሸከመው። ድምፁን ዝቅ አድርጎ አስረዳት። ኬላው ላይ ስሙን ትተው የሲራ ጠባቂ ወንድም እያሉ ይጠሩታል፤ እህትህ ከሰንዓ ወንዶች ጋር ታመሻለች እያሉ ይስቁበታል። የተጻጻፉትን ላንብብ፣ ምንም ከሌለበት እተወዋለሁ አላት። ሚስኪም አዘነችለት። ግን የምትጽፈውን ለማወቅ የሚጠየቅ ሰው ቤትህ ውስጥ አለ፣ እኔን ምን አመጣህ አለችው። ያን ጊዜ ተቆጣ። ይህን መጋረጃ አስወርደዋለሁ፣ ሴት ልጅ የምታሳስቺበት ቤት መሆኑን ሰፈሩ ይወቅ ብሎ ወጣ።

ያለውን አላስቀረም። ሳምንት ሳይሞላ ወሬው በየቤቱ ገባ። እናቶች ልጆቻቸውን አስቀሩ። ዐም ዐሊ መጥተው፣ ላንቺ ብዬ ነው፣ ነገሩን አብርጂው፣ አንዲት ኮድ ምንድን ናት አሏት። ጠዋት የሚመጡት ወንዶች እንኳ አጠገቧ ሲደርሱ ንግግራቸውን ያቆማሉ። ሚስኪ የምትመልሰው አንድ ነገር ነበር፤ ባለቤቷ ትምጣና ትጠይቀኝ፣ ያኔ እሰጣለሁ።

ሙሂዲንም አልቻለም። እራት ላይ "አንቺ ሴት፣ ለልጆች ጨዋታ ብለሽ እንጀራችንን ልታዘጊው ነው?" አላት።

"ዛሬ የሻይማን ብሰጥ ነገ የፋጢ አባት ሲመጣ ምን እለዋለሁ?"

"በርሽ ከተዘጋ የፋጢ አባትም አይመጣም።"

"ይዘጋ። ሰጥቼ ከሚከፈት ሳልሰጥ ይዘጋ።"

ሙሂዲን ወጡን ገፋ አድርጎ ተነሣ። በማግሥቱ ከተሳፋሪ ሁሉ ጋር ሲጣላ ዋለ። ማታ ሲመጣ ግን ለሱቁ በር አዲስ የብረት መቀርቀሪያ ገዝቶ ነበር፤ መዶሻ ፈልጎ ገጠመው።

ከዚያ በኋላ ነው ፋይሰል ሻይማን ይዞ የመጣው። ጊዜው የሴቶች ሰዓት ነበር፤ ከመጋረጃው ውስጥ ፋጢና አንዲት ጓደኛዋ ብቻ ናቸው ያሉት። ፋይሰል ክላሹን እንዳነገተ ሳያስፈቅድ ገባ። "ባለቤቷ ትምጣ ብለሻል። ይኸው መጣች" አለ። ሻይማ ዓይኗን ከመሬት አላነሣችም። "ስጪኝ፣ ኻላ" አለች፤ ድምፅዋ ከማራገቢያው ድምፅ አይበልጥም።

ሚስኪ የገዛ ቃሏ ያዛት። ባለቤቷ ከጠየቀች እሰጣለሁ ብላለች፤ ባለቤቷም ጠየቀች። ልመናው ግን የልጅቱ አልነበረም፤ አፉ የሷ፣ ቃሉ የወንድሟ ነው። እምቢ ብትል ደግሞ እሷም እንደ ፋይሰል በሻይማ ፋንታ ልትወስን ነው። ይህን አውጥታ አውርዳ ከመቀመጫዋ ተነሥታ ስልኳን እንዳለ በሻይማ እጅ ላይ አኖረችና ኮምፒውተሩ ፊት ወዳለው ወንበር መራቻት። ኮዱ ሲመጣ ራስሽ ታነቢዋለሽ፣ ራስሽ ትጽፊያለሽ፣ የምታደርጊውንም አንቺ ታውቂያለሽ አለቻት።

ሻይማ ተቀመጠችና "ፊት" አለች።

ፋጢ ዞረች። ጓደኛዋ ዞረች። ሚስኪም ዞረች። ፋይሰል ባለበት ቆመ።

"ፋይሰል፣ ደንቡን አልሰማህም?" አለች ሚስኪ፣ ከግድግዳው ሳትመለስ።

"እኔ ደንበኛሽ አይደለሁም።"

"ከመጋረጃው ወዲህ የገባ ሁሉ ይዞራል።"

"ለዚች ብዬ ግድግዳ ልስም?"

"መሳሙ ይቅርብህ፤ ማየት ይበቃል።"

ሻይማ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ ጠበቀች። ሦስቱ ሴቶች ለፋይሰል ጀርባቸውን ሰጥተው ቆመዋል፤ ጠመንጃው የሚያስፈራራው ፊት አጥቷል። ከውጭ የአትክልት ሻጭ ድምፅ እየቀረበ መጥቶ ራቀ። በመጨረሻ የጫማው ድምፅ ተሰማ። ዞሯል።

ከዚያ በኋላ ቁልፎቹ ተንኳኩ፤ የጨዋታው ሙዚቃ መጣ። ፋይሰል ቶሎ ብሎ ፊቱን መለሰ። ስክሪኑ ላይ ግንቡ ቆሟል፤ ከላዩ "የሲራ ጠባቂ" የሚል ተጽፏል። መልእክቶቹን ክፈቻቸው አላት። ሻይማ እጇን አነሣች፣ መውጫውን ተጫነች። ግንቡ ጠፋና ስምና የይለፍ ቃል የሚጠይቀው ባዶ ገጽ ተመለሰ።

"ግቢ አልከኝ፤ ገባሁ" አለችው። "የኔ መሆኑን አየህ። የምጽፈውን ማወቅ ከፈለግህ ቤት ቁጭ ብለህ ጠይቀኝ፤ ወላሂ አልደብቅህም። በሌላ ሰው ስልክ ግን አትገባብኝም።"

ፋይሰል እሷን ትቶ ወደ ሚስኪ ዞረ። "ይህን ያስተማርሻት አንቺ ነሽ።"

"እኔማ ፊቴን አዙሬ ነበር" አለች ሚስኪ።

ፋጢ ሳቋ አመለጣት። ፋይሰል እህቱን በእጅጌዋ ይዞ ወጣ።

ሚስኪ ያንን ሰሞን ጭንቀት ገደላት። ሻይማ አልመጣችም። ቤት ውስጥ ምን ደርሶባት ይሆን እያለች ሥራ አላስይዝ አላት። ወሬውን ያመጣችው ፋጢ ናት። ፋይሰል እጁን አላነሣባትም፤ እናትየውም በመካከል ገብተዋል። ሲብስበት ቁጭ ብሎ ጠየቃት፤ እሷም ነገረችው። ምን ብላ እንደነገረችው ፋጢም አታውቅም፣ ሚስኪም አልጠየቀችም።

ሱቁ ግን አልተረፈም። ዐም ዐሊ የሰውን አፍ ፈርተው ክፍሉን ልጄ ይፈልገዋል አሉ። ሚስኪ አልለመነችም። ሙሂዲን ኮምፒውተሮቹን በሚኒባሱ ጭኖ እዚያው ክሬተር ውስጥ ከሚኖሩበት ቤት መግቢያ ክፍል ደረደራቸው፤ ሶላሩንም አውርዶ ሰቀለው። በአዲሱ በር ላይ ያው ቁጥር ተጻፈ፣ ከበፊቱ ጎላ ብሎ። የሚመጡት ልጆች ጥቂት ናቸው። ሻይማ አንዷ ናት። ፋይሰል እስከ ዛሬ ሚስኪን ገበያ ውስጥ ሲያያት መንገድ ይቀይራል፤ ሰላምታም የለም። እሷም ሰላምታውን አልፈለገችም።

በቅርቡ የሙሂዲን እህት ልትጠይቃቸው መጥታ፣ ጠባቧን ክፍል አየት አድርጋ፣ ለጨዋታ ሲባል ያን የመሰለ ሱቅ ይለቀቃል ወይ ብላ ወቀሰቻት። ሚስኪ ሻይ እየቀዳችላት ነበር፤ ቀድታ ጨርሳ መለሰችላት።

"ሱቁማ ያንገበግበኛል፣ አልዋሽሽም" አለች። "ጨዋታውን ደግሞ እስከ ዛሬ አላውቀውም፤ ግንቡን የሚያፈርሰው ማን እንደሆነ እንኳ አይገባኝም። ልጅቱን ግን አውቃታለሁ። ስልኳ በወንድሟ ስም ነው፤ ከቤት የምትወጣው ተጠይቆላት ነው፤ ልትዳር ስትል የሚጠየቀው ሌላ ሰው ነው። እዚያ ወንበር ላይ ስትቀመጥ ግን የሚጠየቀው እሷ ብቻ ናት። ኮምፒውተሩ ማን ነሽ ይላታል፤ እኔ ነኝ ትላለች፤ ይከፈትላታል። በዕድሜዬ ብዙ የሰው ነገር ጠብቄያለሁ፣ የሰው ቤት፣ የሰው ልጅ፣ የሰው ወርቅ። ከሁሉ የሚበልጥብኝ፣ ያንን 'እኔ ነኝ' የሚለውን መልስ በሷ ፋንታ አለመመለሴ ነው።"