ጫማ ያስወለቀች መርከብ

በስደት አገሬ፣ በሴንት ፖል ከተማ የማስታምማቸው አሮጊት የተወለዱበትን፣ ከውቅያኖስ ማዶ ያለ የዓሣ አጥማጆች መንደር ረግጬው አላውቅም። የመንደሩን ቤተ ክርስቲያን ግን ዓይኔን ጨፍኜ እዞረዋለሁ፤ ጠዋት ጠዋት ጸጉራቸውን ሳበጥር የሚያወሩኝ ስለ እሱ ነውና። ገደል አፋፍ ላይ የቆመ፣ ከእንጨት የተሠራ ነጭ የሉተራን ቤተ ክርስቲያን ነው አሉ። መጀመሪያ የሠሩትን ነፋስ ወሰደው፤ ሁለተኛውን መብረቅ አቃጠለው። ሦስተኛውን ዓሣ አጥማጆቹ ከተሰበሩ ጀልባዎቻቸው ሳንቃ ሠሩት። ስለዚህ ዝናብ ሲመጣ ግድግዳው ባሕር ባሕር ይሸታል። ጉም ሲወርድ ሴቶቹ በተራ ደወል ይደውላሉ፤ ወንዶቹ ድምፁን ተከትለው ወደብ ይገባሉ። እኔም ማበጠሪያዬን እንደያዝኩ ጉሙ ውስጥ እገባለሁ።

ከባሕር በሕይወት የተመለሱት ለምስጋና ትንሽ የእንጨት መርከብ ሠርተው ጣሪያው ሥር ሰቅለዋል። ቤተሰቡ ወደዚህ ሲሰደድ የአሮጊቷ አባት ያችኑ የምትመስል ሌላ መርከብ ሠርተው ሴንት ፖል ባለው ቤተ ክርስቲያናቸው ሰቀሉ። እሁድ የራሴን ቅዳሴ አድርሼ በዊልቸር እወስዳቸዋለሁ። ሂተሩ ሲነሣ መርከቧ በሙቀቱ ቀስ ብላ ትዞራለች፤ እሷን ሳይ ስብከቱ ያመልጠኛል።

ዓመት በዓመት ምእመናኑ እያለቁ ጥቂት አረጋውያን ብቻ ቀሩ። ባለፈው ክረምት ሕንፃውን ለእኛ ደብር ሊያስረክቡ ወሰኑ። ከአዳራሽ አዳራሽ ስንንከራተት ለኖርነው ትልቅ ደስታ ነበር። አሮጊቷ ግን ቁርስ መብላት አቆሙ።

«መርከቧን ያወርዷታል?» አሉኝ።

«እኔ እያለሁ?» አልኳቸው። ምን ሥልጣን እንዳለኝ እግዜር ይወቅ።

ቄሳችን ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር ሕንፃውን ሊያዩ የመጡ ዕለት በረዶው እየጣለ ነበር፤ እኔም አሮጊቷን በዊልቸር ይዤ ተገኘሁ። የሚወጣውን ዕቃ እየዞሩ ተመለከቱ። አንደኛው ሽማግሌ ጣታቸውን ወደ ላይ ቀስረው፣ «ይቺም መጫወቻ ትውረድ» አሉ። አሮጊቷ አማርኛ ባይሰሙም ጣቱ ገብቷቸዋል።

«አርካችን ናት በያቸው» አሉኝ በእንግሊዝኛ። «አባቴ እንደዚያ ነበር የሚጠሯት።»

እኔ ደግሞ አስተርጉሚ ከተባልኩ አላቅማማም። ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ «ታቦታችን ናት ይላሉ» አልኩ።

ቄሱ ሁለት እርምጃ ወደ ኋላ ሄዱና ጎንበስ ብለው ጫማቸውን አወለቁ። ሽማግሌዎቹም የበረዶ ቦቲያቸውን መፍታት ጀመሩ። «ሉተራኖችም ታቦት አላቸው እንዴ?» አሉ አንደኛው በሹክሹክታ።

አሮጊቷ ሲያዩ እንባቸው ወረደ። ለካ በመንደራቸው ዓሣ አጥማጆቹ ከባሕር ሲመለሱ የራሰ ቦቲያቸውን ደጃፍ ትተው በሱፍ ካልሲ ነበር የሚገቡት። «ይኼን ማን ነገራቸው?» አሉኝ። «የእኔንም አውልቂልኝ።»

የራሴን አውልቄ፣ ተንበርክኬ የእሳቸውን ሳወልቅ ነው ስሕተቴ የገባኝ። በእንግሊዝኛ የኖኅ መርከብም፣ ታቦትም አርክ ነው የሚባለው። አባታቸው በኖኅ መርከብ ነው የሰየሟት። ዝም ብል መርከቧን ማንም አይነካትም። ዝም ለማለትም ቃጣኝ። ግን በታቦት ስም እንዴት ይዋሻል? የአሮጊቷ እግር እጄ ላይ እንዳለ አፈርኩ።

«አባ፣ ተሳስቻለሁ» አልኩ። «የኖኅ መርከብ ማለታቸው ነው። ታቦት ያልኩት እኔ ነኝ።»

መጫወቻ ያሏት ሽማግሌ ቦቲያቸውን መልሰው አነሡ። ቄሱ ግን በካልሲያቸው እንደቆሙ ወደ ላይ አንጋጠው ቆዩ። መርከቧ ዞራ ፊቷን ወደ እኛ አደረገች።

«አልተሳሳትሽም፣ ልጄ» አሉ። «በግዕዙ የኖኅም መርከብ ታቦት ነው የሚባለው።» ከዚያ የአሮጊቷን ካልሲ አዩ። «ደግሞ ሁላችንም አውልቀናል። ትቆይ።»

«ምን አሉ?» አሮጊቷ እጅጌዬን ያዙኝ።

ያ የምኮራበት እንግሊዝኛ ድራሹ ጠፋኝ። «ትቆያለች» አልኳቸው በአማርኛ፣ እያለቀስኩ። ገባቸው።