አረንጓዴ ቅጠል ያለበት ማጣሪያ

ማክሰኞ በምሳ ሰዓት ሳሌ ሲብስብኝ ከቢሮ ጀርባ ወጣሁ... እዚያ ከዕቃ ግምጃ ቤቱ ኋላ ሙሳ የሚያረባቸው ዶሮዎች አሉ። ሙሳ የመሥሪያ ቤታችን የጥገና ሠራተኛ ነው። ቧንቧውም፣ መብራቱም፣ ኤሲውም በእሱ እጅ ነው።

ጎንበስ ብዬ ስስል ቆይቼ ቀና ስል ዓይኔ የዶሮ ቤቱ ግድግዳ ላይ አረፈ። አረንጓዴ ቅጠል የታተመበት ስስ መረብ... አንድ አይደለም፣ ስድስት። ጎን ለጎን በሚስማር ተመትተዋል።

እነዚያን ቅጠሎች አውቃቸዋለሁ። ሦስት ወር ሙሉ ቃለ ጉባኤ የያዝኩት ስለ እነሱ ነው።

ከመጀመሪያው ልንገራችሁ። የምሠራው መዝገብ ቤት ነው፣ አስም አለብኝ። ከደቻቱ ደረቅ ወንዝ የሚነሳው አሸዋ በመስኮት ይገባል፣ ከውስጥ ደግሞ የአሮጌ ፋይል አቧራ ይቀበለዋል፣ እኔ መሀል ላይ ነኝ። ሐኪሙ ቁርጡን ነግሮኛል፦ ወይ የምትተነፍሺውን አየር አስተካክዪ፣ ወይ ሥራውን ተዪ። ልጆቼን የማሳድገው ደግሞ በዚሁ ሥራ ነው።

ይህንን ለአለቃችን ስነግረው ደስ አለው። በመታመሜ አይደለም... ለአካባቢ ጥበቃ ሪፖርት የሚሆን ነገር በማግኘቱ ነው። አለቃችን ከሌላ ከተማ የመጣ ሰው ነው፣ ሁሉም አንተ በሚባባልባት ድሬዳዋ ውስጥ ፊት ለፊት አንቱ የምለውም እሱን ብቻ ሳይሆን አይቀርም። በማግስቱ ኮሚቴ ተቋቋመ። ሳሉ የአንቺ ስለሆነ ጸሐፊ ትሆኛለሽ ተባልኩ።

ኮሚቴው በርና መስኮት ዘግቶ ስለ ንጹሕ አየር ሲወያይ ከረመ። ለኤሲው የሚገጠመው የወረቀት ማጣሪያ በየጥቂት ወሩ ይጣላል፣ ቆሻሻ ይሆናል፤ ስለዚህ እየታጠበ ለዓመታት የሚያገለግለው ይመረጥ ተባለ። ጥሩ ሐሳብ ነበር፣ አልክድም። ግን ዋናው ክርክር የተደረገው በቅጠሉ ላይ ነው። የኮሚቴው ሊቀመንበር ቅጠል ያልታተመበትን ማጣሪያ «ለአካባቢ ተስማሚ ነው» ብሎ ለመፈረም ኅሊናው አልፈቀደለትም።

የባለ ቅጠሎቹ ማጣሪያዎች ምረቃ ደማቅ ነበር። ሪባን ተቆረጠ። ለሁሉም በፕላስቲክ የታሸገ ውሃ ታደለ፣ ባዶው ፕላስቲክ ግቢው ውስጥ ሲንከባለል ዋለ። ኤሲው ገና ሳይበራ ሊቀመንበሩ በረጅሙ ተነፈሰና «አየሩ ተለውጧል» አለ። ሁላችንም በረጅሙ ተነፈስን። እኔማ አለቃን አመስግኜ ሳሌ ለቀቀኝ ብያለሁ... እየሳልኩ ነው ያልኩት።

ከዚያ ወዲህ ሳሉ ባሰብኝ እንጂ አልቀነሰም። ግን ማን ደፍሮ ይናገራል? አንዱ እንቅልፌ ተስተካከለ ይላል፣ ሌላዋ ራስ ምታቴ ጠፋ ትላለች። ችግሩ የኔ ሳንባ ነው ብዬ ዝም አልኩ። ኢንሄለሬን እንደ ሌባ ሽንት ቤት ተደብቄ መጠቀም ጀመርኩ። አፍሬ ነው።

እንግዲህ ዶሮዎቹ ፊት ቆሜ ደሜ ፈላ። ሙሳ ጥላው ሥር ምሳውን ጨርሶ እጁን ይታጠባል።

«ሙሳ፣ ይኼን ከየት አመጣኸው?»

«ከኤሲው ነዋ።»

አልደነገጠም፣ አላፈረም። ማን አውጣው እንዳለው ጠየቅኩት።

«ሁላችሁም» አለኝ።

ከዚያ ረጋ ብሎ ቆጠረልኝ። በምረቃው ማግስት ሊቀመንበሩ ጠርቶት ንፋሱ ደክሟል፣ ሙቀቱ ሊገድለኝ ነው፣ ያንን ነገር አንሳልኝ፣ ለማንም ግን እንዳትናገር ብሎታል። ከሰዓት የሰው ኃይል ኃላፊዋ እንደዚሁ። በሦስተኛው ቀን አለቃ ራሱ። እያንዳንዱ ለብቻው፣ በሹክሹክታ። ማጣሪያዎቹ መጣላቸው ሙሳን አሳዘነው። ለዶሮ ቤቱ ከቀፊራ ገበያ ወንፊት ሽቦ ሊገዛ አስቦ ነበር፣ ያንን ትቶ እነዚህን መታቸው።

«የኔንስ ማን አውጣ አለህ?» አልኩት። አሁን ያዝኩት ብዬ ነው።

«አንቺ ነሻ፣ አቦ! ላብሽን እየጠረግሽ፣ ይኼ ኤሲ ሞቷል፣ እንደ ድሮው አድርግልኝ አላልሽኝም? ወላሂ፣ እንደ ድሮው አደረግኩልሽ።»

...ብያለሁ። ትዝ አለኝ። ማጣሪያውን አውጣ አላልኩም፣ ግን ማጣሪያው መኖሩንም ረስቼው ነበር። ሦስት ወር የለፋሁበትን ነገር ለአንድ ቀን ሙቀት አልቻልኩም።

ዞር ብዬ ዶሮዎቹን ማየት ጀመርኩ። ሙሳ ድሮ አሸዋው እየገባባቸው ያስነጥሳቸው እንደነበር፣ አሁን ግን ማስነጠሱ እንደተዋቸው ነገረኝ። ማጣሪያዎቹንም በየሳምንቱ ዓርብ ያጥባቸዋል። ኮሚቴው ይታጠባል ብሎ የለ? ከመሥሪያ ቤቱ ሁሉ መመሪያውን የሚያከብረው እሱ ብቻ ነው።

አንዱን ነቅሎ፣ አጥቦ፣ ኤሲዬ ላይ መለሰልኝ። ክፍሌ ይሞቃል፣ በላብ ተጠምቄ እውላለሁ... ግን ከማክሰኞ ወዲህ ሽንት ቤት አልተደበቅኩም። ይህን ሁሉ ጊዜ ሳንባዬን በከንቱ ስወቅስ ከርሜያለሁ።

ዛሬ ጠዋት አለቃ ስለ ማጣሪያዎቹ ሪፖርት አዘጋጂ አለኝ። ጻፍኩ፦ «ማጣሪያዎቹ በየሳምንቱ እየታጠቡ ሙሉ አገልግሎት በመስጠት ላይ ናቸው። በተጠቃሚዎቹም ዘንድ የጤና መሻሻል ታይቷል።»

አንድም ውሸት የለበትም። አንብቦ ደስ ብሎት ፈረመ።

ከተጠቃሚዎቹ መሀል እንቁላል የማልጥለው እኔ ብቻ እንደሆንኩ ግን አልጠየቀኝም።