ያልተጠሩት ምስክር

የወይዘሮ ወርቅአየሁ ችግር ኩራታቸው ነው። የሰው ነገር በነፃ አይነኩም፤ የገዛ ምራታቸውን ባጃጅ እንኳ! ጉልበታቸው ዳገት እምቢ ካለ ወዲህ፣ ወር በገባ በአንድ ምራታቸው ሠናይት ከሰፈራቸው ከፈረንሳይ ለጋሲዮን አሳፍራ እንጦጦ ራጉኤል ታደርሳቸዋለች። ሲወርዱ ታዲያ ሃምሳ ብር ከመቀነታቸው ይፈታሉ።

"ኧረ እማማ፣ ይተዉ!"

"ያዢ! በሰው ነዳጅ ተሳልሜ ምን ጽድቅ አለው?"

የኅዳር አንድ ዕለት ብሩ ከእጅ ወደ እጅ ሲሻገር አንድ ተቆጣጣሪ ከኋላ ቆሟል። የሠናይት ፈቃድ ከሰፈር ውስጥ መስመር አያልፍም። እሷ ደግሞ አማትን ማድረስ ሥራ ነው ብላ አላሰበችም።

"ከመስመር ውጭ ጭነሽ ሒሳብ ስትቀበይ በዓይኔ አየሁ" አላት።

"አማቴ ናቸው እኮ!"

"ዛሬ ያስቆምኩት ሁሉ አማቱን ነው የጫነው።"

በሕግ አምላክ ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውሃ ይቆማል፤ ሰውዬው ግን ታርጋዋን ፈትቶ ሄደ። በሦስተኛው ሳምንት ከፈቃድ ሰጪው መሥሪያ ቤት ደብዳቤ መጣ። ፈቃዷ ተሰርዟል። አንድም ሰው ጠርቶ "ምን ሆነሽ ነው?" አላላትም።

ባጃጇ የባሏ የሕሩይ ነበረች። እሱ ካረፈ አምስት ዓመቱ ነው። ያኔ ዘመድ አዝማዱ "ልጅ ነሽ፣ ወደ እናትሽ ቤት ግቢ" ሲላት፣ እሷ መሪውን ጨብጣ አማቷንና ሕፃን ልጇን ፌበንን ይዛ ቀረች። ለዚህ ውለታ ከአማቷ አንድ ቀን "አበጀሽ" የሚል ቃል ሰምታ አታውቅም። "ሴት ልጅ ከወንድ ጋር ስትጋፋ ትውላለች" ይሏታል እንጂ። ያቺ ባጃጅ ከቆመች ግን የሦስቱም ጉሮሮ ተዘጋ ማለት ነው።

ሠናይት ፍርድ ቤት አቤት አለች። ሁለት ወር ሙሉ ባጃጇ ላስቲክ ለብሳ ግቢ ውስጥ ቆመች። ወይዘሮ ወርቅአየሁም ጠዋት ጠዋት የኋላ ወንበሯ ላይ ተቀምጠው ምስክርነታቸውን ይለማመዳሉ። "ያበላሸሁት እኔ ነኝ፣ የማቃናውም እኔ ነኝ" ይላሉ። ፌበን እንኳ ምስክርነቱን በቃሏ ያዘችው።

የቀጠሮው ቀን ደረሰ። ዳኛዋ ወጣት ሴት ናት። መዝገቡን ገለጥ ገለጥ አድርጋ የመሥሪያ ቤቱን ነገረ ፈጅ ጠየቀችው።

"ፈቃዷን ከመሰረዛችሁ በፊት ጠርታችሁ ሰምታችኋታል?"

"ተቆጣጣሪው ሪፖርት አድርጓል፣ ክብርት ዳኛ።"

"የሱን አልጠየቅሁም። እሷን ሰምታችኋል?"

ነገረ ፈጁ ፋይሉን አገላበጠ። ደግሞ አገላበጠ። "አልተሰማችም" አለ በመጨረሻ።

አለቀ! ሳይሰሟት የተሰጠው ውሳኔ ተሽሯል፤ ታርጋዋና ፈቃዷ ይመለስላት፤ ጥፋት አለባት የሚሉ ከሆነም መጀመሪያ ጠርተው ይስሟት ተባለ። እፎይ! ሠናይት የወንበሩን መደገፊያ ይዛ "ተመስገን፣ ተመስገን" አለች። ነገ ጠዋት ተራ ትይዛለች፤ ከሁሉ በፊት ግን ጎማውን መንፋት አለባት።

"እኔስ?" አለ ከኋላ አንድ ድምፅ።

ወይዘሮ ወርቅአየሁ ነጠላቸውን አደግድገው ቆመዋል።

"እናቴ፣ ምራትዎ እኮ ረትታለች" አለች ዳኛዋ። "ምስክር አላስፈለገም።"

"ትርታ፣ እሰየው! ግን ሳይሰሙ መፍረድ ነውር ነው ሲሉ አሁን በጆሮዬ ሰማሁ።" አሮጊቷ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ያ ሁለት ወር የተለማመዱት ሁሉ ጠፍቶባቸዋል። "እኔም ይቺን ልጅ አምስት ዓመት ሙሉ ሳልሰማት ፈርጄባታለሁ፣ ክብርት ዳኛ። ልጄን ቀብሬ ስመለስ ቤቴን ያቆመችው እሷ ናት። መዝገቡ ላይ ይጻፍልኝ።"

ዳኛዋ ፈገግታዋን በወረቀት ሸፈነች። ታርጋዋ ሲፈታ ያላለቀሰች፣ ይመለስላት ሲባልም ያላለቀሰች ሠናይት፣ እዚያው ሰው ሁሉ ፊት ተንሰቅስቃ አለቀሰች።