የኢንዶኔዥያዋ ልጅ ድምፅ

ባለፈው ሳምንት ደሴ ውስጥ ለልጄ ሻሽ ስንመርጥ፣ ባለሱቁ አንዱን ዘርግቶ «አዲስ የገባ የኢንዶኔዥያ ስታይል ነው» አለን። ሳቄ አመለጠኝ። ይህ «አዲስ» ነገር እኔ ያደግኩባት መካነ ሰላም ከገባ ስንት ዘመኑ።

ያመጣችው የአክስቴ ልጅ ዘይነባ ናት። ጅዳ በቤት ሠራተኝነት ቆይታ የተመለሰችው እኔ ዘጠነኛ ክፍል ሳለሁ ነው፤ ጥቅምት ነበር፣ ባቄላው ገና እሸት። እናቴ በቅቤ የታሸ ጭኮ አቀረበችላት፤ እሷም ቴምር አወጣች፣ ቀጥላም ፎቶግራፍ። ፎቶው ላይ አብራት ትሠራ የነበረች ሲቲ የምትባል ኢንዶኔዥያዊት ከጓደኞቿ ጋር ቆማለች። ሁሉም ጂንስ ለብሰው፣ ደማቅ ሻሻቸውን አገጫቸው ሥር በመርፌ ቁልፍ አስይዘው ይስቃሉ። እኛ ነጠላችንን ጣል ከማድረግ በቀር አናውቅም ነበር። ዘይነባ አስተሳሰሩን አስተማረችን። ለዲን፣ ለሃይማኖት ብለን ነው ብል ውሸት ነው፤ ማማር ፈልገን ነው። ክርስቲያኗ ጓደኛዬ አልማዝ እንኳ አንድ ቀን ሞክራው ለመፍታት ሰነፈች።

አባቴ ሼህ ነበሩ፤ ደጃችን ላይ ወንዶች ልጆችን ቁርዓን እያስነበቡ ያቀሩ ነበር። በገበያ ቀን፣ ከዘይነባ የተዋስኩትን ጂንስ ጭምር ለብሼ ስሄድ፣ መንገድ ላይ አገኙኝ። እንዳላየ ሆነው አለፉኝ። ቤት ስደርስ ግን «ከነገ ጀምሮ ትምህርት ቤት የለም» አሉ። «ይህ የማን አገር ልብስ ነው?»

«የኢንዶኔዥያ ነው፣ አባዬ። እነሱም እስላም ናቸው።»

«እስላምነት በሻሽ ነው?»

ዘይነባ ከጓዳ ወጣችና «አጎቴ፣ አንድ ነገር ይስሙልኝ» ብላ ቴፑ ውስጥ ካሴት ከተተች። ሲቲ ስትሰናበታት የሰጠቻት ነው። ከካሴቱ አንዲት ወጣት ሴት ቁርዓን መቅራት ጀመረች። አባቴ ሊያጠፉት እጃቸውን ዘረጉ፤ እጃቸው ግን መንገድ ላይ ቀረ። ጥቂት ቆይቶ ከንፈራቸው አብሯት ይንቀሳቀስ ጀመር። ሲያልቅ ዘይነባን ጠየቋት።

«ስንት ዓመቷ ነው?»

«የኢንዶኔዥያ ልጅ ናት፤ የልጅዎ እኩያ።»

ወደ እኔ ዞሩ። «አንቺስ የት ደርሰሻል?»

ከአጫጭሮቹ የቁርዓን ሱራዎች አላለፍኩም ነበር። ከዚያ በላይ ያቀራኝ የለም፤ እሳቸውም ያውቁታል። አንገታቸውን ደፉ።

በማግስቱ ንጋት ከሱብሂ ሶላት በኋላ አስቀምጠው አቀሩኝ። ሲጨርሱ «በይ፣ ደወሉ ሳያመልጥሽ» ብለው ትምህርት ቤት ሰደዱኝ። ጂንሱን ለዘይነባ መለስኩ፤ ስለ ሻሹ ግን ዳግመኛ አልተነሳም።

አባቴ ካረፉ ቆዩ፤ አላህ ይዘንላቸው። ለብዙ ዓመት ልባቸውን ያራራው ያ ድምፅ ይመስለኝ ነበር። ልጅ ሳሳድግ ሌላም ነገር ታየኝ። «ትምህርት ቤት የለም» የሚለው ቃል ከአፋቸው እንደወጣ ሳይጸጽታቸው አልቀረም፤ ክብራቸው ሳይነካ ከቁጣቸው የሚወርዱበት መንገድ ሲያገኙ ወረዱ። እኔ እንደሳቸው ጎበዝ አይደለሁም፤ ልጄን ከተቆጣሁ በኋላ፣ መውረጃውን እያየሁት፣ ብዙ ጊዜ እዚያው ቁጣዬ ላይ ቆሜ እቀራለሁ።