ስለ ምራቴ የተቆጡኝ የውጫሌ ሽንኩርት ነጋዴ

ዛሬ ውጫሌ ገበያ ሽንኩርት የሚሸጡ እናት «ላንቺስ አልሸጥም» አሉኝ።

በቴሌቪዥን ድራማ ክፉ አማት ሆኜ ነው የምተውነው። ባለፈው ሳምንት ምራቴን ከነሕፃኗ ከቤት አባርሬያታለሁ። (ዋና ተዋናይት ሆኜ አላውቅም፤ ክፉ ሴት ሲፈለግ ግን ቀድመው የሚደውሉት ለእኔ ነው።)

«እናቴ፣ ድራማ እኮ ነው» አልኳቸው።

«ወላሂ አፈርኩብሽ። እኛ በጦርነቱ የማናውቀውን ተፈናቃይ አስገብተን ያለችንን አብረን በላን። አንቺ የልጅሽን ሚስት ታባርሪያለሽ? የአምባሰል ልጅ አይደለሽም?»

ገበያተኛው ከበበኝ። መውጫ ሳጣ «እሺ፣ እመልሳታለሁ» ብዬ ቃል ገባሁ። እሳቸውም መርቀው፣ ደህና ደህናውን ሽንኩርት መርጠው ሰጡኝ።

ችግሩ፣ የሚቀጥለው ክፍል ተቀርጾ አልቋል። እዚያ ላይ ደግሞ ሕፃኑን እቀማታለሁ።

እናንተስ ባላጠፋችሁት ጥፋት ሰው ተቆጥቷችሁ ያውቃል? እስኪ አጫውቱኝ። እኔ ያ ክፍል ሳይተላለፍ ከውጫሌ ልውጣ።