ከልጅቷ እናት ጋር

ክፍሉ መስኮት አልነበረውም። ከአሶሳ መናኸሪያ ካሜራዬን አንገቴ ላይ እንዳንጠለጠልኩ ፖሊሶች ይዘው ሲያመጡኝ ረፋድ ነበር። በሩ ሲከፈት ቀድሞ የመታኝ ከቆርቆሮው ጣሪያ የሚወርደው ሙቀት ነው። ጥግ ላይ አንዲት ሴት ተቀምጣለች። በዕድሜ ከእኔ ብዙም አትበልጥም።

«ተቀመጥ» አለችኝ። አማርኛዋ የገበያ ነው፤ ሴቱንም ወንዱንም እንደ ወንድ ነው የምትጠራው፣ እኔንም ሴቷን።

መርማሪው በሩን ይዞ ቆመ። «የልጅቷ እናት ናት፤ ልጅሽን አምጪ ተብላ ታስራለች» አለኝ።

የትኛዋ ልጅ ብዬ አልጠየቅኩም። ካማሺ ዞን ውስጥ ስለ ምትክ ጋብቻ ዘጋቢ ፊልም እየሠራሁ ነበር። አንዱ ቤተሰብ ሙሽራ ሲወስድ በምትኳ የራሱን ሴት ልጅ ይሰጣል። በወንድሟ ሚስት ምትክ ልትሰጥ የነበረች ልጅ ጀርባዋን ለካሜራ ሰጥታ አነጋገረችኝ። ከዚያ ጠፋች። የተደበቀችበት ቤት ያደረስኳት እኔ ነኝ።

«ሁለቱ ቤተሰቦች ተፋጠዋል» አለ መርማሪው። «አንቺ ፊልምሽን ትሠሪያለሽ፤ ሬሳ የምናነሳው እኛ ነን። ያለችበትን ተናገሪና ሁለታችሁም ወደ ቤታችሁ። ካልሆነ ሕዝብን ከሕዝብ በማጋጨት ትጠየቂያለሽ።»

«አላውቅም።»

«አልሰማሁም። ሰው ስትቀርጪ እንዲህ ድምፅሽ ይጠፋል?»

«አልናገርም» አልኩ።

ፈገግ አለ። «ጥሩ፤ ታውቂያለሽ ማለት ነው። ለእኔ ባትነግሪ ለእናቷ ንገሪያት።» ቆለፈብን። እግሩ ግን አልራቀም፤ ከበሩ ስር የጫማው ጥላ ይታይ ነበር።

ያኔ ነው የፈራሁት። እሱን እምቢ ብያለሁ፤ እናቷን ግን በየትኛው አፌ?

ሴትዮዋ ተጠግታኝ «ታውቃለህ?» አለችኝ በሹክሹክታ። አዎ በሚል ራሴን ነቀነቅኩ። አፌን ልከፍት ስል መዳፏን ከንፈሬ ላይ ጫነችው።

«ቦታ አትንገረኝ። ነገ ባሌ ይመጣል፣ ያለቅሳል። እኔ ካወቅኩ እናገራለሁ።» ጥላውን አየች። «ይበላል? የኔ ልጅ?»

«ትበላለች፣ እትዬ።»

«ይተኛል?»

«በደንብ።»

«ሰነፍ ነው። ከተኛ አይነሳም።» ሳቋን በነጠላዋ አፈነችው።

በማግስቱ መርማሪው እሷን ጠየቃት። «ይሄ ልጅ አፍ የለውም» አለችው ወደ እኔ እያሳየች። «ምን ያደርግልሃል? ልቀቀው።»

እሷን ሽማግሌዎች ዋስ ሆነው አስወጧት። እኔ ዘግይቼ ወጣሁ፤ ካሜራዬን መለሱልኝ፣ ሜሞሪውን ግን አስቀሩት። የሁለቱ ቤተሰብ ነገር እስካሁን በሽምግልና ላይ ነው።

ልጅቷን ሳገኛት ሁሉንም ነገርኳት። «የት ናት አላለችም?» አለችኝ። «እንዳልነግራት አፌን ያዘችኝ» አልኳት።

አሁን ፊልሙን እንደገና ጀምሬዋለሁ። እናትየውን እንድቀርጽ የሚመክሩኝ አሉ፤ ያለ እሷ ታሪኩ ጎዶሎ ነው ይላሉ። እውነታቸውን ነው። እስካሁን ግን አልሄድኩም። ልጇ ያለችበትን ሳልናገር ከፊቴ ላይ ታነበዋለች ብዬ እፈራለሁ።