ባልዲ ይዞ የሚሮጠው ጀርመናዊ

በፊቱ አንቱ እለው ነበር፤ እዚህ ግን አልልም። አባቴ የሞተ ሰሞን፣ ኦክላንድ ያለው ቤታችን በለቀስተኛ ተሞልቶ ሳለ፣ ይህ ሰውዬ ከሳን ሆዜ ፕሮጀክተር ተሸክሞ መጣ። በንጉሡ ዘመን ጀርመን አገር የተማረ፣ ጡረታ የወጣ መሐንዲስ ነው። ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት!

እኔን ያስጨነቀችኝ እናቴ ናት። አባቴ ከሞተ ጀምሮ አንዲት እንባ አልወጣትም። አክስቴ ደረቷን እየደቃች «አልቅሺ፣ ይውጣልሽ» ስትላት፣ እሷ የማን ሳህን ባዶ እንደሆነ ታያለች። የታፈነ ሐዘን በሽታ ይሆናል ይባላል፤ ፈርቼላት ነበር።

«ሐዘንተኛን ማጫወት ወግ ነው» አለ ሰውዬው። «ሾርት ፊልም ናት፤ ተማሪ ሳለን በሳቅ የምንሞትባት። ላይቱን ኦፍ አድርጉልኝ።»

ማንም እሺ ሳይለው የአባቴን ፎቶ ከግድግዳው አወረደና ፊልሙን እዚያው ላይ አበራው። እጁን ብሰብረው ደስ ይለኝ ነበር።

ድምፅ የሌለው አሮጌ የጀርመን ኮሜዲ ነው። አንድ ወፍራም ባለሱቅ የእሳት አደጋ ቆብ ይገዛና መንደሩን ካላዳንኩ ብሎ ይነሳል። ጭስ ባየበት ሁሉ ባልዲ ይዞ ይሮጣል፤ የጎረቤቱ ሾርባ ላይ ይደፋል፣ ፒፓ የሚያጨስ ሽማግሌ ላይ ይደፋል። የለቀስተኛው ልጆች በሳቅ ተንፈራፈሩ። እኔ ጥርሴን ነከስኩ።

እናቴ ግን ግድግዳው ላይ አፍጥጣ ቀረች። አባቴም እንዲያ ነበር፤ የሰው መኪና ቆሞ ካየ ሳይለምኑት ቦኔቱን ይከፍታል፣ ሄይዋርድ ድረስ ሄዶ የማያውቀውን ሰው ቧንቧ ይነካካል፣ ይባስ አበላሽቶበት ይመለሳል።

«ቁርጥ እሱን!» አለችና ሳቀች። ሳቋ ሳያልቅ እንባዋ መጣ፤ ድምፅ አውጥታ አለቀሰች። እሰይ አልኩ በሆዴ።

ሰውዬው ደነገጠ። «ኧረ በቃሽ! እኔ እንድትስቂ ነው ያመጣሁት!» ብሎ ዘሎ ተነሳ። ልይዘው ስል አመለጠኝ፤ ከጠረጴዛው ላይ የውሃ ጠርሙስ አንስቶ ውሃውን ፊቷ ላይ ረጨው። ውሃ የሚረጨው ራሱን ለሳተ ሐዘንተኛ ነው። እናቴ ራሷን አልሳተችም፤ እያለቀሰች ነበር።

ለቅሶዋ ተቋረጠ። ፊቷን በነጠላዋ ጠረገች። «ይቅርታ ጋሼ፣ አስቸገርኩዎት» አለችውና ምሳ ልታቀርብለት ተነሳች።

በልቶ ጠጥቶ ሲወጣ፣ በሩ ላይ «አየህ፣ አጽናናኋት» ብሎ ትከሻዬን መታ መታ አደረገኝ። እናቴ ከዚያ ቀን በኋላ ለአባቴ አልቅሳ አታውቅም።